ቀኑን መዝጋት

የሥራ ፈቃድ ምስክር ወረቀቴ የሚያበቃው ዓርብ ነበር። ሰኞ ጠዋት የእድሳት ቅጹን በአለቃዬ በሲስተር ጠረጴዛ ላይ ሳስቀምጥ ምንም አልመሰለኝም። ረቡዕ ከሰዓት ቅጹን እዚያው ቦታ፣ ብዕሩ በላዩ እንደተጋደመ ሳየው ግን ቀኖቹን መቁጠር ጀመርኩ።

ቅጹ ሦስት ክፍል አለው። አንደኛው ስለ እኔ ነው። ሁለተኛው ባለፉት ሁለት ዓመታት ስንት ሰዓት እንደሠራሁ ይጠይቃል። ሦስተኛውን የምትሞላው አለቃዬ የሆነችው ነርስ ናት፤ አንድ ዓረፍተ ነገር ብቻ ነው ያለበት፦ «ረዳት ነርሷ በሥራዋ ላይ ቸልተኝነት አልታየባትም።» ከሥሩ ፊርማና ማኅተም። እሱ ካልተፈረመ ፈቃዴ ይሞታል። አንዴ ከሞተ ማሳደስ የሚባል ነገር የለም፤ እንደ አዲስ አምስት ወር ሠልጥኖ መፈተን ነው። እስከዚያ ድረስ የታማሚ አልጋ አጠገብ መቆም አልችልም።

ይህን እናቴ ከእኔ በላይ ታውቃለች። ሠላሳ ዓመት የሆስፒታል ወለል የወለወለች ሴት ናት። ምስክር ወረቀቴን መስታወት አስገብታ ከቴሌቪዥኑ በላይ የሰቀለችው እሷ ናት፤ በየቅዳሜው በደረቅ ጨርቅ ታብሰዋለች። «እኔ ከአልጋ ሥር ነበርኩ፣ አንቺ ከአልጋ በላይ ነሽ» ትለኛለች።

«አስፈረምሽ?» አለችኝ ረቡዕ ማታ፣ ጫማዬን ሳላወልቅ።

«ነገ።»

«ሰኞም ነገ ነበር።»

«ሲስተር ሥራ በዝቶባት ነው እማዬ።»

«ሥራ የበዛበት ሰው ፊርማ አይረዝምበትም» አለች። ዓይኗን ከቴሌቪዥኑ ወደ መስታወቱ አነሳች። «የሆነ ነገር አለ?»

«ምን ይኖራል?» አልኳት።

የሆነ ነገር ነበር።

የምሠራበት የአረጋውያን መንከባከቢያ ሁለት ፎቅ ነው። ላይኛው ፎቅ ላይ በራሳቸው መንቀሳቀስ የማይችሉ አሥራ አራት ሰዎች ይተኛሉ። እንዲህ ያለ ሰው በየሁለት ሰዓቱ ካልተገላበጠ ገላው ይቆስላል፤ ቁስሉ አጥንት ድረስ ይዘልቃል። ስለዚህ በያንዳንዱ በር ላይ ቅጽ ይንጠለጠላል። ሁለት ሰዓት ግራ፣ አራት ሰዓት ጀርባ፣ ስድስት ሰዓት ቀኝ፣ ስምንት ግራ፣ አሥር ጀርባ፣ አሥራ ሁለት ቀኝ። ከያንዳንዱ ሰዓት ጎን ትንሽ ሳጥን አለች፤ ያገላበጠው ሰው ይፈርምባታል።

ሥራ በጀመርኩበት ሳምንት እያገላበጥኩ ነበር የምፈርመው። ሲመሽ ግማሹ ሳጥን ባዶ ሆኖ አገኘሁት። ሲስተር ጠራችኝና በእናት ድምፅ፣ «የኔ እናት፣ ባዶ ሳጥን ጥያቄ ይጠራል» አለችኝ። ያን ጊዜ የሥራ ባልደረባዬ አሠራሩን አሳየችኝ። ይህችን ልጅ ራዲዮ ነው የምንላት፤ ማጥፊያዋ የት እንዳለ የሚያውቅ ሰው የለም። ጠዋት አንድ ሰዓት ላይ ስንገባ፣ ጓንት ሳናደርግ በፊት፣ ከበር በር እየዞርን ስድስቱንም ሳጥን እንፈርማለን። ከዚያ በኋላ የደረስንበትን እናገላብጣለን፣ ያልደረስንበት ይቀራል። እኛ ቤት ይህ ቀኑን መዝጋት ይባላል።

«ቀኑን ዘጋሽ?» ትለኛለች ራዲዮ ከኮሪደሩ ጫፍ።

«ዘጋሁ።»

«እንግዲህ ሥራ እንጀምር።»

ሁለት ዓመት ሙሉ እንደ ቀልድ ነበር የምናየው።

ከሦስት ሳምንት በፊት፣ አንድ ማክሰኞ፣ ራዲዮ ታማ ቀረች። እኔ ብቻዬን አሥራ አራቱን በር ዞሬ ቀኑን ዘጋሁ። አራት ቁጥር ክፍል ስገባ እትዬ መምህር ነቅተው ነበር። አርባ ዓመት ሒሳብ ያስተማሩ ሴት ናቸው። ግራ ጎናቸው ከራስ እስከ እግር አይታዘዝም፤ ቀኝ እጃቸው ግን ደህና ናት፤ ከትራሳቸው ሥር እርሳስ አይጠፋም። ሁለት ሰዓት ላይ ወደ ግራ፣ ወደ ግድግዳው አዞርኳቸው። ከጀርባቸው ትራስ፣ በጉልበቶቻቸው መካከል ትራስ፣ ተረከዛቸው ፍራሽ እንዳይነካ ከቁርጭምጭሚታቸው ሥር የተጠቀለለ ፎጣ አደረግኩ።

«ዛሬ ብቻሽን ነሽ?» አሉኝ። ግማሽ አፋቸው ብቻ ስለሚታዘዝ ቃላቸው ወደ አንድ ጎን ያዘነብላል።

«ብቻዬን ነኝ፣ እትዬ።»

«ለአሥራ አራት ሰው? አሥራ አራት በስድስት ስንት ነው?»

«ሰማንያ አራት።»

«ለአሥራ ሁለት ሰዓት አካፍዪው።»

«ሰባት።»

«በሰዓት ሰባት ሰው» አሉና በአንድ ጉንጫቸው ሳቁ። «ይሄ ፈተና አይደለም ልጄ፣ ቅጣት ነው። ምን አጥፍተሽ ነው?»

አራት ሰዓት ሊሆን ሲል ሲስተር ከታች ጠራችኝ። ወላጆቻቸውን ሊያስገቡ ያሰቡ ቤተሰቦች ቤቱን ለማየት ይመጣሉ፤ መቀመጥ የሚችሉትን ሰዎች ልብስ ቀይሬ፣ ፀጉራቸውን አበጥሬ፣ በተሽከርካሪ ወንበር ሳሎን አሰልፋቸዋለሁ። ደረጃውን ለመውረድ አራት ቁጥርን ማለፍ ነበረብኝ። ሳልፍ ድምፁን ሰማሁ። እትዬ መምህር ሰው ሲፈልጉ አይጮሁም፤ በእርሳሳቸው ጫፍ ግድግዳውን ይመታሉ፣ ክፍል የሚረብሽ ተማሪን ጠረጴዛ መትተው ዝም እንደሚያሰኙ። ጠቅ፣ ጠቅ፣ ጠቅ።

«መጣሁ፣ እትዬ» አልኩ፤ ሳልቆም።

ከኋላዬ አንድ ጊዜ ብቻ ጠቅ አለ።

እንግዶቹ ቆዩ። ሁሉንም ነገር ጠየቁ፤ የወጥ ቤቱን ማቀዝቀዣ ሳይቀር ከፍተው አዩ። ስድስት ሰዓት ላይ አራት ቁጥር ስገባ እትዬ መምህር ሁለት ሰዓት ላይ እንደተውኳቸው ናቸው። ፊታቸው ወደ ግድግዳው። እርሳሱ ከጣቶቻቸው ወድቆ አንሶላው ላይ ተጋድሟል። እጃቸውን ስነካው ቀዝቅዟል።

ሲስተር መጣች። መጀመሪያ እሳቸውን አየች፣ ቀጥላ ሰዓቷን፣ ከዚያ በሩ ላይ ያለውን ቅጽ። ቅጹ ላይ እስከ አሥራ ሁለት ሰዓት ድረስ ስድስት ፊርማ አለ፤ የእኔ።

«ለሞተ ሰው አሥር ሰዓት ላይ ጀርባ ብለሽ ፈርመሻል» አለች በቀስታ።



ቅጹን ከበሩ አውርዳ አራት ቦታ አጠፈችውና ደረት ኪሷ ውስጥ ከተተችው። ባዶ ቅጽ አመጣች። «እስከ አራት ሰዓት ብቻ ፈርሚ። አራት ላይ አገላብጠሻል፣ ደህና ነበሩ፣ ከዚያ ልባቸው ቆመ። ሐኪሙም ልብ ነው የሚለው። ልብ ደግሞ ብታገላብጪውም ባታገላብጪውም በሰዓቱ ነው የሚቆመው።»

ፈረምኩ። «የድሮውስ?» አልኳት፤ ዓይኔ ኪሷ ላይ ነው።

«እኔ ጋ ይቀመጥ» አለችና ትከሻዬን ዳበሰችኝ። «እኔ ጋ ያለ ነገር አይጠፋም።»

አይጠፋም ያለችው ነገር ሦስት ሳምንት ሙሉ እንቅልፍ ነሳኝ። ዓርብ ሲቀርብ፣ ቅጼ በብዕር ተጭኖ ሲውል፣ የት እንዳስቀመጠችው በሐሳቤ እፈልግ ጀመር። የሁለተኛው መሳቢያ ቁልፍ ሁልጊዜ አንገቷ ላይ ነው። የፈሩት ይደርሳል ይሉ የለ። ሐሙስ ጠዋት ራዲዮ ኮሪደሩ ላይ ይዛኝ፣ «ሲስተር አምስት ሰዓት ላይ ትፈልግሻለች» አለችኝ። «የእትዬ መምህር ልጅ ይመጣል። ደግሞ የአራት ቁጥርን ግድግዳ ልታስቀባ ነው። ሦስት ዓመት ቀለሙ ሲላጥ ያላየች ሴትዮ ዛሬ ቀለም ቀቢ ጠርታለች። እኔ ምንም አላልኩም። አፌን ያዥልኝ።»

ሲስተር በሯን ዘግታ አስቀመጠችኝ። ቅጼን ወደ መሃል ሳበችው።

«ሰውየው ለምን እንደሚመጣ አላውቅም» አለች። «የሚያዝን ሰው ነው፣ ይጠይቃል። በመጨረሻ ያየሻቸው ደግሞ አንቺ ነሽ። አራት ሰዓት ላይ በጀርባቸው አድርገሻቸዋል፤ ደህና ነበሩ። ይሄን ብቻ ነው የምትዪው። ከዚያ ይሄን እፈርማለሁ፣ ነገ ጠዋት ይዘሽ ትሄጃለሽ። ሙሉ ቀን ፈቃድ ሰጥቼሻለሁ።»

«እሺ።»

«ጥሩ ልጅ።»

ሰውየው ገባ። ሃምሳ ዓመት የሚሆነው፣ ሰማያዊ ጃኬት የለበሰ፣ ከኪሱ ሁለት እስክሪብቶ የሚታይ ሰው ነው። የተቀመጠው ጫፍ ላይ ነበር፣ ሊነሳ እንደሚቸኩል።

«ብዙ አላስቸግራችሁም» አለ። «እህቴ፣ አንድ ነገር ብቻ ነው የምጠይቅሽ። አራት ሰዓት ላይ እናቴ ወደየት ዞራ ነበር?»

ሲስተር ብዕሩን አንስታ ክዳኑን ከፈተች።

«በጀርባቸው ነበሩ» አልኩ። «አገላብጫቸዋለሁ፣ ደህና ነበሩ። አነጋግረውኛል።»

ይቺን የመጨረሻዋን ማንም አላዘዘኝም። ሰውየው ቀና አለ።

«ምን አለችሽ?»

ሲስተር አየችኝ። አፌ የሚይዘው ፈልጎ ከራሴ ውስጥ እውነተኛ የሆነች አንዲት ቃል አወጣ።

«በርቺ አሉኝ።»

ፊቱ ተፈታ። «የሷ ቃል ናት» አለ። «ደብተር ላይ ከዚህ ሌላ ጽፋ አታውቅም። እኔ በሰባት ዓመቴ ሒሳብ ወድቄም በርታ ነው ያለችኝ።» ዓይኑን በእጁ ጀርባ ጠረገ። እኔ ጫማዬን አየሁ።

ሲስተር ፈረመች። ማኅተሙን ቀለሙ ላይ ሁለቴ ጫን ጫን አድርጋ ወረቀቱ ላይ አሳረፈችው። ቅጹን አጥፌ ዩኒፎርሜ ኪስ ውስጥ ስከተው ሞቅ ያለ መሰለኝ፤ ከምጣድ እንደወጣ ነገር።

«ወንድማችንን ሸኚልኝ» አለች።

ኮሪደሩ ላይ ጥቂት እርምጃ ሄደን ቆመ። ስልኩን አውጥቶ ወደ እኔ አዞረው። የአራት ቁጥር በር ነው፤ በሩ ላይ የተንጠለጠለው ቅጽ ቁልጭ ብሎ ይታያል። እስከ አሥራ ሁለት ሰዓት ስድስት ፊርማ። ፎቶው የተነሳበት ሰዓት ከሥሩ ተጽፏል፤ የዚያው ማክሰኞ፣ ጠዋት ሦስት ሰዓት ከአምስት።

«የዚያን ቀን ወደ ሥራ ስሄድ ጎራ ብዬ ነበር» አለ። «ተኝታ ስለነበር አልቀሰቀስኳትም። እኔ የአውቶቡስ መነሻ ላይ ሰዓት ተቆጣጣሪ ነኝ። ሃያ ዓመት ሙሉ ሥራዬ የሾፌሮችን ቅጽ ማየት ነው። ደርሶ የሚፈርም ሾፌር እጁ ገና መሪው ላይ ነው፣ ፊርማው ይንቀጠቀጣል። ሳይነሳ የሚፈርም ግን ሁሉንም በአንድ ትንፋሽ ነው የሚፈርመው፣ አንድ ዓይነት ዘመም ያለ፣ ልክ እንደዚህ።»

ወደ ኋላ ዞሬ አየሁ። የሲስተር በር ገርበብ ብሏል።

«ስለ ፊርማሽ ልጠይቅሽ አልመጣሁም» አለ። «እዚያም ውስጥ ያልጠየቅኩት ለዚህ ነው። እኔ ማወቅ የምፈልገው አንድ ነገር ነው። እናቴ ሁልጊዜ፣ ስሞት ፊቴን ወደ በሩ አድርጉልኝ፣ ማን እንደመጣ ልይ ትል ነበር። ቀልዷ ነው። ግን ደግሞ ቀልድ ብቻ አልነበረም። ወደ በሩ ነበረች ወይስ ወደ ግድግዳው?»

ኪሴ ውስጥ ያለው ወረቀት ሲንኮሻኮሽ ሰማሁት። ቀላሉ መልስ አፌ ላይ ነበር፤ ወደ በሩ፣ ጋሼ። ይሄን ብነግረው ሰውየው ቤቱ ሄዶ ያርፋል፣ እኔም ዓርብ ጠዋት ወረቀቴን ይዤ እሄዳለሁ። ግን «በርቺ» የምትለዋን ቃል ሰርቄ ከሰጠሁት አምስት ደቂቃ አልሞላም ነበር፤ ሁለተኛ መስረቅ አቃተኝ።

«ይምጡ» አልኩት።

አራት ቁጥር በሩ ክፍት ነው። ቀለም ቀቢው አልጋውን ወደ መሃል ስቦ፣ ወለሉ ላይ ላስቲክ አንጥፎ፣ ባልዲው ውስጥ ቀለም ያማስላል።

«አሥር ደቂቃ ብትዘገዪ ኖሮ ግድግዳው ራሱ አያውቅሽም ነበር» አለኝ።

«እባክህ ወንድሜ፣ ታች ሻይ አለ። አሥር ደቂቃ ስጠን።»

«ሻይ ካለ ግድግዳ የት ይሄዳል» ብሎ ብሩሹን ባልዲው አፍ ላይ አስተኝቶ ወጣ።

«ዝቅ ይበሉ» አልኩት ሰውየውን። «ከዚህም ዝቅ። እንደተኛ ሰው።»

በጉልበቱ ተንበረከከ። ግድግዳው ላይ፣ አልጋው ተጠግቶበት በነበረው ከፍታ፣ ቆሞ ለሚያይ ሰው ቆሻሻ የሚመስል ግራጫ ጥላ አለ። ዝቅ ሲሉ ጽሑፍ ይሆናል። እኔ ያየሁት ካረፉ በኋላ አልጋውን ሳጥብ ነበር፤ ለማንም አልተናገርኩም። እንደ ጉንዳን ሰልፍ ጥቃቅን ቁጥሮች፣ በመስመር በመስመር፣ የአምስት ወር። ሦስት ከስድስት። ሁለት ከስድስት። ሁለት ከስድስት። አራት ከስድስት። አንድ ከስድስት።

«ምንድን ነው ይሄ?» አለ፤ ግን ድምፁ ቀድሞ ገብቶታል።

«በቀን ስድስት ጊዜ ነው መገላበጥ ያለባቸው። ውጤታችንን እየሞሉ ነው።»

ጣቱን ሳያስነካ መስመሮቹን ተከተለ። ስድስት ከስድስት የሚል አንድም የለም። አንዳንድ አራቶች ጎን ግን አንዲት ቃል አለች፤ ፊደሏ የተጣመመ፣ በርቺ።

«ያንቺ ቀኖች የትኞቹ ናቸው?»

«በርቺ ያለባቸው። ያም ሆኖ አራት ናቸው።»

የመጨረሻው መስመር ላይ ደረሰ። አንድ የሚል ቁጥር አለ፣ ቀጥሎ ማካፈያዋ መስመር። ከእሷ ሥር ምንም የለም። ከጎኗ ደግሞ የእርሳስ ጫፍ የበሳቸው አራት ጥቁር ነጥቦች።

«ፊቷ ወደዚህ ነበር» አለ።

«ወደዚህ ነበር።»

«ነጥቦቹስ?»

«ሰው ሲጠሩ ግድግዳውን ይመቱ ነበር። አራት ሰዓት ላይ ጠርተውኛል። ሰምቻለሁ። መጣሁ አልኩ።»

«መቼ መጣሽ?»

«ስድስት ሰዓት።»

ከታች የሻይ ብርጭቆ ሲቀመጥ፣ ቀለም ቀቢው ሲስቅ ይሰማል። ከዚያ ስልኩን አውጥቶ መስመር በመስመር ፎቶ አነሳ። ከተነሳ በኋላ ከኪሱ ማስታወሻ ቅዳጅ አውጥቶ ስልክ ቁጥሩን ጻፈልኝ።

«ይሄን ለሰው ካሳየሁ መጀመሪያ የምትወድቂው አንቺ ነሽ» አለ።

«አውቃለሁ።»

«ምን እንደማደርግ ገና አላውቅም። ይቅር ብዬሻለሁ አልልሽም፣ ውሸት ይሆናል። ግን ዛሬ ከነገርሽኝ ውስጥ ሁለተኛው እውነት ነው።»

ስንዞር ሲስተር በሩ ላይ ቆማለች። ከመቼ ጀምሮ እንደሆነ አላውቅም። ፈገግ እንዳለች ነው።

«የቀለም ሽታ ሳንባ ይጎዳል፣ ወንድሜ» አለችው። «ውጡ እንጂ።» ከዚያ ወደ ደረጃው አንገቷን አስግጋ ቀለም ቀቢውን ጠራች። «ጀምር። ሁለት እጅ አድርገህ ቀባው። ከታች በኩል ሦስት።»

እኔን ዞር ብላም አላየችኝ። ቁጣ ጠብቄ ነበር።

ማታ እናቴ ቅጹን ከእጄ ነጥቃ ማኅተሙን በመብራት አየችው። «ደማቅ ነው» አለች። «ማኅተም ሲደበዝዝ አልወድም፤ ያልጠገበ ሰው የመታው ይመስላል።» መስታወቱን ከግድግዳው አውርዳ ጀርባውን ፈትታ አዘጋጀች፤ አዲሱ ሲመጣ አሮጌውን ከሥሩ ልታደርግ። ግድግዳው ላይ ምስማሩ ብቻ ቀረ።

ዓርብ ጠዋት ሦስት ሰዓት ላይ የፈቃድ ቢሮው ወረፋ ውስጥ ነበርኩ። ከፊቴ ያሉት ሰውዬ የጥርስ ሐኪም ረዳት ናቸው፤ ፎቶዬ ላይ ስቀሃል ተብዬ ተመለስኩ እያሉ ለሁሉም ይነግራሉ። «ጥርስ የሚሠራ ሰው ጥርሱን ካላሳየ ምኑን ያሳይ?» ሰው ሳቀ። እኔም ሳቅኩ። ከሦስት ሳምንት ወዲህ የመጀመሪያዬ ነበር።

መስኮቱ ጋ ደረስኩ። ጸሐፊዋ መነጽሯን በክር አንገቷ ላይ ያንጠለጠለች፣ ጨዋ ሴት ናት። ቅጹን ተቀበለች፣ ሦስቱን ክፍል በእስክሪብቶዋ ጫፍ ነካ ነካ አደረገች። «ሙሉ ነው» አለች። ቁጥሬን ኮምፒውተሩ ላይ መታች። መነጽሯን አደረገች።

«እህቴ፣ ይሄን ታውቂያለሽ?»

«ምኑን?»

«አቤቱታ ቀርቦብሻል። አቤቱታው እስኪጣራ እድሳት አይሰጥም።» ድምፅዋን ዝቅ አደረገች። «ጆሮ ለባለቤቱ ባዳ ነው ይባል የለ። አልነገሩሽም እንዴ?»

የሰውየው ሰማያዊ ጃኬት ፊቴ ላይ መጣ። ለማሰብ ጊዜ ወሰደበት፣ ከዚያ ወሰነ፤ ልወቅሰው አልቻልኩም።

«ማን ነው ያቀረበው?»

«መሥሪያ ቤትሽ ነው። ኃላፊዋ ነርስ ፈርማለች። አባሪ አለው።» ስክሪኑን ትንሽ ወደ እኔ አዘነበለችው። አራት ቦታ የታጠፈ፣ መታጠፊያው የሚታይ ቅጽ። ስድስት ፊርማ። አይጠፋም ያለችው ነገር።

«እንዲነበብልሽ መብት አለሽ» አለችና አነበበች፦ «ሠራተኛዋ ያልሰጠችውን አገልግሎት ሰጥቻለሁ ብላ አስቀድማ ፈርማለች። ይህንንም ከኃላፊዋ ደብቃ ቆይታለች። ጉዳዩ ሲነሳም ለሟቿ ልጅ፣ በኃላፊዋ ፊት፣ አራት ሰዓት ላይ አገላብጫለሁ የሚል ሐሰተኛ ቃል ሰጥታለች።»

«ድገሚልኝ። የመጨረሻውን።»

ደገመችልኝ።

«መቼ ነው የገባው?»

«ትናንት።»

«ስንት ሰዓት?»

ወደ ስክሪኑ ተጠጋች። «ጠዋት ሦስት ሰዓት ከሩብ።»

ሰውየው የመጣው አምስት ሰዓት ላይ ነበር። ሦስት ሰዓት ከሩብ ላይ እኔ ስድስት ቁጥር ውስጥ አንሶላ እየቀየርኩ ነበር፤ ለማንም ምንም አልዋሸሁም። ውሸቴ ሁለት ሰዓት ገደማ ቀድሞኝ ተጽፎ፣ ተፈርሞ፣ እዚህ ገብቶ ይጠብቀኝ ነበር። ሲስተር ቀኑን ዘግታዋለች። ቅጼ ላይ ያሳረፈችው ፊርማ ምንም አላስወጣትም፤ ምንም እንደማይከፍት ታውቃለች። ግን እሷም እንደ እኛው ናት። አሥር ሰዓትን በጠዋት የምንፈርም ሰዎች፣ አንድ ቀን ሰዓቱን የሚያይ ሰው እንደሚመጣ እንረሳለን።

«ይሄም የእሷ ፊርማ ነው?» አለች ጸሐፊዋ፣ ያመጣሁትን ቅጽ አንስታ። ቸልተኝነት አልታየባትም የሚለውን መስመር አነበበች፣ ቀኑን አየች፣ ስክሪኑን አየች። ግንባሯ ተቋጠረ። «በአንድ ቀን?»

«የእሷ ነው።»

«እኔ አልመረምርም፣ መርማሪዎች አሉ» አለች ቶሎ ብላ። «መልስሽን በጽሑፍ ማስገባት ትችያለሽ። ሠላሳ ቀን ይወስዳል። ፈቃድሽ ግን ዛሬ ሥራ ሲዘጋ ያበቃል። ከዚያ በኋላ መሥራት አትችዪም፣ አንድ ሰዓትም ቢሆን።»

«መልሱ ቢጣራስ? እውነት ሆኖ ቢገኝ?»

«የትኛው እውነት?»

አስቀድሜ መፈረሜ እውነት ነው። መዋሸቴም፣ ዘግይቶም ቢሆን፣ እውነት ሆኗል።

ባዶ የመልስ ቅጽ ሰጠችኝና ጥግ ላይ ያለውን ጠረጴዛ ጠቆመችኝ። ስቀመጥ ስልኬ ተንቀጠቀጠ። ራዲዮ ናት። በሕይወቷ ለመጀመሪያ ጊዜ ድምፅዋ ቀስ ያለ ነው።

«የት ነሽ? አራት ቁጥር አዲስ ሴትዮ ገብተዋል። ቀለሙ እንኳ አልደረቀም፣ አንሶላቸውን እየነካ ነው። ዛሬም ብቻዬን ነኝ። ሲስተር ቀኑን ዝጊ ብላኝ በሩ ላይ ቆማ ጠበቀችኝ።»

«ዘጋሽው?»

ከኋላዋ ከሩቅ የሚሰማ ነገር ነበረ፤ የተሽከርካሪ ወንበር ይሁን ሌላ አልለየሁም።

«ዘጋሁት» አለች። «ምን ላድርግ? ያንቺ ነገር የሲስተር ጠረጴዛ ላይ ነው፣ አይቼዋለሁ። የእኔ እድሳት ደግሞ ከሁለት ወር በኋላ ነው።»

ስልኩን ዘግቼ የሰውየውን ቁጥር ከኪሴ አውጥቼ ከወረቀቱ አጠገብ አስቀመጥኩት። እናቴ ባዶ ምስማሩን እያየች ተቀምጣ ይሆናል። መጻፍ ያለብኝ ብዙ ነው፤ ጠቅ ያለውን፣ መጣሁ ያልኩትን፣ የሁለት ዓመት ጠዋቶችን፣ በሦስት እጅ ቀለም ሥር ያለውን ግድግዳ። ስጨርስ እኔም አብሬ እንደምወድቅ ሰውየው ነግሮኛል።

ቅጹ ከላይ በኩል ቀንና ሰዓት ይጠይቃል። እጄ ከልማዱ ተነስቶ የታችኛውን መስመር፣ የፊርማውን ቦታ ሊይዝ ሄደ። ያዝኩት። ቀና ብዬ የቢሮውን የግድግዳ ሰዓት አየሁ። አራት ሰዓት ከአሥራ ሰባት ነው። የደቂቃ ቆጣሪው አንድ ጊዜ ጠቅ እስኪል ጠበቅኩና፣ አራት ሰዓት ከአሥራ ስምንት ብዬ ጻፍኩ።